አንገቴን «ቀጭ» ቢያደርጉልኝስ?

ጥያቄ፦ ከደሴ ኮምቦልቻ ሚኒባስ እነዳለሁ። ቁልቁለቱ ላይ መሪ ስጠመዝዝ ስለምውል አንገቴ ተያዘ። ጓደኛዬ በስልኩ ካይሮፕራክተር (አከርካሪና መገጣጠሚያ በእጁ የሚያክም ባለሙያ) አንገት ጠምዝዞ «ቀጭ» ሲያደርግ አሳየኝ፤ የሰፈራችን ወጌሻም እንደዚያ ላድርግልህ ብሎኛል። ልሞክረው?
ሾፌሩ፣ ከኮምቦልቻ

መልስ፦ አብሽር ወንድሜ፣ ግን አንገትህን ለማንም እንዳትሰጥ። ፊዚዮቴራፒስት ነኝ፤ ማሸትን አልጠላም። የምፈራው ድንገተኛውን ጥምዘዛ ነው። በአንገት አጥንቶች ግራና ቀኝ ባሉ ቀዳዳዎች ሽቅብ የሚያልፉ፣ ለኋለኛው አንጎል ደም የሚያደርሱ ሁለት ቧንቧዎች አሉ። የአንዱ ውስጠኛ ግድግዳ ከተሰነጠቀ ደም እዚያ ይረጋል፤ የረጋው ተነቅሎ አንጎል ሲደርስ ስትሮክ ነው። ብዙ ጊዜ አያጋጥምም፤ ሲያጋጥም ግን ወጣት ነው፣ ጤነኛ ነው አይልም። ደግሞ የአንገት ሕመሙ ራሱ የተጀመረ ስንጥቅ ምልክት የሚሆንበት ጊዜ አለ፤ ያኔ መጠምዘዝ እሳት ላይ ጋዝ መጨመር ነው።

«ቀጭ» የሚለው ድምፅ አጥንት ቦታው ሲገባ የሚሰማ አይደለም። በመገጣጠሚያው ፈሳሽ ውስጥ የሚፈጠር የጋዝ አረፋ ነው።

ለአሁኑ መቀመጫህን ወደ መሪው አስጠጋ፣ ማታ ሞቅ ያለ ፎጣ አድርግበት፣ አንገትህን ራስህ ቀስ እያልክ አንቀሳቅሰው። ክንድህ ከደነዘዘ ወይም ከዛለ ሐኪም ይይህ። ድንገት ከባድ ራስ ምታት፣ ማዞር፣ ነገር ሁለት ሆኖ መታየት ወይም መንተባተብ ከመጣ ግን መኪናውን እዚያው አቁመህ ሰው በፍጥነት ሆስፒታል ያድርስህ፤ አንተ እንዳትነዳ።