የሩቅ ጋላክሲ ማጥናት ለምታስቡ ልጆች

ብዙዎቻችሁ ሌሊቱን ሙሉ ቴሌስኮፕ ላይ ዓይኔን ተክዬ የማድር ይመስላችኋል። አልፈርድባችሁም፣ ፊልም ላይ እንደዚያ ነው። እውነቱ ግን ዓይኔን የጨረሰው ላፕቶፕ ነው። ጄምስ ዌብ የተባለው የህዋ ቴሌስኮፕ ከመሬት 1.5 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር ርቆ ነው ያለው፤ እሱ ዳታ ይልካል፣ እኛ ደግሞ ኮድ እየጻፍን፣ እየሰረዝን፣ ቡና እየደጋገምን ዳታው ላይ እናፈጣለን። ይሄ የማይጥማችሁ ከሆነ ከአሁኑ ብታውቁት ይሻላል።

ከዚህ ሁሉ ዓመት ሥራ ምን ተማሩ ብትሉኝ መልሴ አንድ ነው። የወደዳችሁትን ውጤት ሌላ ሰው ሳይቀድማችሁ ራሳችሁ ለማፍረስ ሞክሩ።

ዌብ የመጀመሪያ ምስሎቹን የለቀቀው በሐምሌ 2022 ነበር (የምጠቅሰው ዓመት ሁሉ በፈረንጆቹ ነው)። በዚያ ሰሞን ከእኛ ሙያ ሰው በቅጡ የተኛ አይመስለኝም። ጠዋት ስትነሳ አዲስ ጥናት ወጥቷል፣ የሩቅ ጋላክሲ ሬከርድ ተሰብሯል። ከእጩዎቹ አንዷ ሲርስ-93316 የምትባል ነበረች። ሬድሺፍቷ (የርቀት መለኪያችን ነው፣ እመጣበታለሁ) 16 ገደማ ነው ተባለ። እውነት ቢሆን ኖሮ ከቢግ ባንግ በኋላ 250 ሚሊዮን ዓመት እንኳ ሳይሞላ የነበረች ጋላክሲ ናት ማለት ነው።

እንዲህ ያለው ግምት ከየት ይመጣል? ብርሃን ከሩቅ ሲመጣ ህዋው ራሱ ስለሚለጠጥ ሞገዱም አብሮ ይለጠጣል፣ ወደ ቀይ፣ ከዚያም አልፎ ወደ ኢንፍራሬድ ይሄዳል። ከተለጠጠበት እጥፍ ላይ 1 ሲቀነስ የሚቀረው ቁጥር ነው ሬድሺፍት የምንለው። በዚያ ዘመን ደግሞ በመሀል ያለው ሃይድሮጅን ከ121.6 ናኖሜትር ያጠረውን ብርሃን ይውጠው ነበር። ስለዚህ ጋላክሲዋ በአንዱ ፊልተር (የተወሰነ ሞገድ ብቻ በሚያሳልፍ ማጣሪያ) ደምቃ ትታያለች፣ በአጠገቡ ባለው ድራሿ ይጠፋል። የት ላይ እንደጠፋች አይታችሁ ርቀቷን ትገምታላችሁ።

ግን አቧራም እንዲህ ያስመስላል።

በ2023 ብርሃኗን የሚበትነው መሣሪያ ወደ እሷ ሲዞር የሲርስ-93316 ሬድሺፍት 4.9 ሆኖ ተገኘ። ከቢግ ባንግ 1.2 ቢሊዮን ዓመት ያህል በኋላ ማለት ነው፤ አቧራማ ጋላክሲ ናት። የኦክስጅንና የሃይድሮጅን ደማቅ መስመሮቿ (እያንዳንዱ ንጥረ ነገር በራሱ ሞገድ የሚያበራው ብርሃን) እዚያው ፊልተሮቹ ላይ አርፈው በጣም ሩቅ አስመስለዋት ነበር። በዚያው ምልከታ ሌላ እጩ በ11.4 ጸናች፣ ስለዚህ ዘዴው ራሱ ከንቱ ነው ማለት አይቻልም። እኔን የገረመኝ ሌላ ነገር ነው። ገና በ2022፣ ያ ሁሉ ሩጫ እያለ፣ ይህች ነገር 17 ልትሆን ትችላለች፣ 5ም ልትሆን ትችላለች ብለው ሁለቱንም መልስ ጎን ለጎን አስቀምጠው ጥናታቸውን ያወጡ ሰዎች ነበሩ። ዜናውን ማን እንደሰበረ እረሳለሁ፣ እነሱን ግን አልረሳም። ሬከርዱማ እንደሆነ ዕድሜ የለውም። በ2024 14.3 አካባቢ ደረሰ፣ በ2025 ሞም-ዜድ14 የተባለችው በ14.44 አለፈችው፣ ይህን ስታነቡ ሌላ ልትመጣ ትችላለች።

ምን እንማር ለምትሉኝ፦ ፊዚክስ፣ ሒሳብ፣ ፓይተን (ኮድ የምንጽፍበት ቋንቋ)። ስታቲስቲክስን ደግሞ በደንብ፣ ፈተና ለማለፍ ያህል አይደለም። ከዚያ መጻፍ። ይሄን ማንም አይነግራችሁም፣ ግን ግማሹ ሥራችን ጽሑፍ ነው። በጥቅምት 2024 በተዘጋው ዙር ለዌብ 2,400 ገደማ ፕሮፖዛል ቀረበ፤ የተጠየቀው ሰዓት ካለው 9 እጥፍ ያህል ነበር። ደስ የሚለው፣ ገምጋሚዎቹ የአመልካቹን ስም አያዩም። ከትልቅ ስም ዩኒቨርሲቲ አልመጣሁም ብላችሁ አትሸማቀቁ፤ ሐሳቡ ጥሩ ከሆነ በአማርኛ ስም የሚጽፈውም በፈረንሳይ ስም የሚጽፈውም እኩል ነው የሚታየው።

ኑሮውን አልሸፍንላችሁም። ፒኤችዲው ካለቀ በኋላ ፖስትዶክ የሚባል ጊዜያዊ የምርምር ሥራ ይመጣል፣ ሁለት ሦስት ዓመት እዚህ፣ ሁለት ሦስት ዓመት እዚያ፣ በየመሀሉ ቪዛ። ሠላሳ አምስት ዓመት ሞልቷችሁ ቋሚ ሥራ ላይኖራችሁ ይችላል፣ እና ፖስትዶክ ምን እንደሆነ ለእናት ማስረዳት ጥቁር ቀዳዳን ከማስረዳት ይከብዳል። ብዙ ጎበዞች ወደ ባንክና ወደ ዳታ ሥራ ሄደዋል። እንደ ከዳተኛ አትዩዋቸው፤ ደመወዛቸውን ባየሁ ጊዜማ እኔም ትንሽ ዝም ብያለሁ።

አገር ቤት ላላችሁ ደግሞ፣ እንጦጦ ላይ ከባሕር ወለል 3,200 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ሁለት ባለ 1 ሜትር ቴሌስኮፖች አሉ። እነዚህን የጥንት ጋላክሲዎች በእነሱ አታዩም። ግን ሄዳችሁ ሰዎቹን አነጋግሩ፣ እዚያ ጋላክሲ የሚያጠኑ ተመራማሪዎች አሉ። የዌብ ዳታም ማስት በሚባለው ማኅደር ውስጥ ለማንም ክፍት ነው፤ አንዳንዱ ወዲያው፣ የቀረው ብዙውን ጊዜ ከዓመት በኋላ ይለቀቃል። ክፍያ የለውም፣ የሚፈልገው ኢንተርኔት ነው (ይሄም ቀላል እንዳልሆነ አውቃለሁ፣ ፋይሉን ሌሊት አውርዱት)።

ስትጀምሩ ሬከርድ ሰባሪዋን አትንኩ። ሬድሺፍቷ 4 ወይም 5 የሆነ ደማቅ ጋላክሲ ምረጡና ስፔክትረሟን (በየሞገዱ የተበተነ ብርሃኗን) ክፈቱ። ጎን ለጎን የቆሙ ሁለት የኦክስጅን መስመሮች ታያላችሁ፣ የግራው የቀኙን አንድ ሦስተኛ ያህላል (መሣሪያው በዝቅተኛ ጥራት ከወሰደው ይጣበቃሉ)። ሳይለጠጥ በፊት የቀኙ ቦታ 500.7 ናኖሜትር ነው። አሁን ያለበትን ለ500.7 አካፍሉ፣ 1 ቀንሱ፣ ሬድሺፍቱን አገኛችሁ። ከዚያ ተቻኩላችሁ ለጓደኛ አትላኩ። የሃይድሮጅኑ የ656.3 መስመር በዚሁ ቁጥር የት መውደቅ እንዳለበት አስሉና እዚያ መኖሩን ፈልጉ። ከሌለ ገና አልጨረሳችሁም።