ስለ ዘንዶው ማሞቂያ ምንጣፍና ስለ ቴርሞስታት ለጠየቁት እህት

ውድ እህቴ፣ ልጅዎ ቦል ፓይተን የሚባለውን ትንሽ ዘንዶ መግዛቱን፣ ሻጩም «የአፍሪካ እንስሳ ስለሆነ ሙቀት አይጎዳውም፤ ማሞቂያውን ከሳጥኑ ሥር ሰክታችሁ ተዉት» ማለቱን ገልጸው ቴርሞስታት፣ ማለትም ሙቀቱን እየለካ ማሞቂያውን የሚያበራና የሚያጠፋ መሣሪያ፣ ያስፈልግ እንደሆነ ጠይቀዋል። በእርግጥ ያስፈልጋል። እኔ እዚህ ሚኒሶታ ቴርሞስታት ገዝቼ እንኳ የልጄን ዘንዶ ሆድ አቃጥያለሁና፣ የእርስዎ ልጅ ያንን እንዳያይ ብዬ በዝርዝር እጽፋለሁ።

አንደኛ፣ ቴርሞስታቱ ከእንስሳው ቀድሞ ቤት ይግባ። ምንጣፉ የት ማቆም እንዳለበት በራሱ አያውቅም፤ እስከተሰካ ድረስ ይሞቃል፣ ሳጥኑ ውስጥ የሚነጠፈው ጉዝጓዝ ሲወፍርበትም ሙቀቱ መውጫ አጥቶ የሳጥኑ የመስታወት ወለል ላይ ይጠራቀማል። ሻጩ አፍሪካን ቢጠቅስም፣ ይህ ዘንዶ በጋና፣ በቶጎና በቤኒን ቀኑን የሚያሳልፈው ፀሐይ ላይ ተዘርግቶ ሳይሆን በአይጥ ጉድጓድና በኩይሳ ውስጥ ተሸሽጎ ነው።

ሁለተኛ፣ ሴንሰሩን፣ ማለትም ሙቀት የሚለካውን የሽቦ ጫፍ፣ በምንጣፉና በሳጥኑ የውጭ ወለል መካከል አጥብቀው ይለጥፉት። እኔ የሳትኩት እዚህ ላይ ነው። ሴንሰሩን በሳጥኑ ውስጥ ጉዝጓዙ ላይ አኑሬው ስለነበር፣ በአንድ የጥር ሌሊት ዘንዶው ሲንቀሳቀስ ገፍቶ ውሃ መጠጫው ውስጥ ጣለው፤ ቴርሞስታቱም የውሃውን ቅዝቃዜ እያነበበ ምንጣፉን እስኪነጋ ሳያጠፋው አደረ። ጠዋት ልጄ መሸሸጊያውን ሲያነሳ ዘንዶው እንደተጠቀለለ ነበር። ገልብጠን ስናየው የሆዱ ቅርፊት አንድ ስንዝር ያህል ቀልቶ ሁለት ቦታ ላይ ውሃ ቋጥሯል። ጉዝጓዙን ገፍቼ መስታወቱን እንደ ሽጉጥ በሚነጣጠረው መለኪያ ስለካው 118 ፋራናይት፣ ማለትም 48 ዲግሪ ሴልሺየስ ሆኖ አገኘሁት። ለምን አልሸሸም ይሉ ይሆናል፤ እባብ ከሥሩ ቀስ ብሎ ከሚመጣ ሙቀት ብዙ ጊዜ አይሸሽም፣ እየተቃጠለም እዚያው ይተኛል።

ከዚያ በኋላ ያሳለፍነውን ቀን አልረሳውም። በቅርባችን ወዳለው የእንስሳት ክሊኒክ ስደውል ስልክ ያነሳችው ሴት «እባብ አናክምም» ብላ፣ የሚያክም እንዳለ እንኳ ሳትነግረኝ ዘጋችው፤ ልጄ አጠገቤ ቆሞ እያለቀሰ ነበር። በአምስተኛው ሙከራ አንድ ሰዓት ነድተን የምንደርስበት ሐኪም አገኘን። የቃጠሎ ጥልቀት ቀናት ካለፉ በኋላ ጎልቶ ሊታይ እንደሚችል አስረድተውን፣ ሲልቨር ሰልፋዲያዚን የሚባል የቃጠሎ ቅባት አዘዙልን፤ ጉዝጓዙንም አውጥተን በነጭ የወጥ ቤት ወረቀት እንድንተካው ነገሩን። ስለዚህ አሁኑኑ፣ ምንም ሳይደርስ፣ እባብ የሚያክም ሐኪም ስልክ ፈልገው ማቀዝቀዣው በር ላይ ይለጥፉ። ዘንዶው ቆዳውን ሦስት ጊዜ ከጣለ በኋላ ዳነ፤ ጠባሳው አለ፣ ግን ዛሬ አምስተኛ ዓመቱን ይዟል፣ ልጄም በየዕለቱ ሙቀቱን ለክቶ በደብተር ይመዘግባል።

ቁጥሮቹን ልስጥዎት። ሞቃቱ ጎን ከ88 እስከ 92 ፋራናይት፣ ቀዝቃዛው ጎን ከ76 እስከ 80 ይሁን፤ በሁለቱም ጎን መሸሸጊያ ያስቀምጡ፣ አለበለዚያ እንስሳው ለመደበቅ ሲል የማይስማማው ሙቀት ላይ ይቀራል። ምንጣፉ ከወለሉ አንድ ሦስተኛውን ብቻ ይሸፍን። ግድግዳ ላይ የሚለጠፈው ክብ መለኪያ የሚነግርዎት የአየሩን እንጂ ሆዱ የሚነካውን ወለል ሙቀት ስላልሆነ አይመኑት። ልግዛ ወይ ያሉትን በኤሌክትሪክ የሚሞቅ ድንጋይ ፈጽሞ አይግዙ፤ አንዱ ነጥብ ብቻ ከመጠን በላይ ይግላል፣ ዘንዶውም እሱን አቅፎ ይተኛል።

ዘንዶው ገና በሻጩ ማጓጓዣ ሳጥን ውስጥ ከሆነ ባዶውን የመስታወት ሳጥን አንድ ሙሉ ቀን ያሙቁትና ጉዝጓዙን ገለጥ አድርገው መስታወቱን ጠዋት፣ ማታና እኩለ ሌሊት ይለኩ። ሦስቱን ቁጥሮች እዚሁ ይጻፉልኝ፤ ከሥራ እንደወጣሁ አይቼ እመልስልዎታለሁ።