ስለ ፈርናንዶ ሬይ ለቀረቡልኝ ጥያቄዎች

ከ150 በላይ ፊልሞች ስለሠራው ስፔናዊ ተዋናይ የጠየቃችሁኝን እንደ አመጣጡ መልሻለሁ። ዓመቶቹ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ «ሬይ» የአባቱ ስም ነው?

አይደለም፤ የመድረክ ስሙ ነው። በስፔንኛ «ንጉሥ» ማለት ነው። በ1917 ላ ኮሩኛ ከተማ ሲወለድ ፈርናንዶ ካሳዶ ነበር።

ጥያቄ፦ ትወና የት ተማረ?

ትምህርቱ የሕንፃ ንድፍ ነበር፤ የስፔን የእርስ በርስ ጦርነት አቋረጠው። አባቱ ለተሸነፈው ሪፐብሊክ የተዋጉ መኮንን ስለነበሩ ከጦርነቱ በኋላ ለቤተሰቡ ቀን ጨለመ። እሱም ለዕለት ጉርሱ ሲል አጃቢ ሆኖ ፊልም ውስጥ ገባ። ቀጥሎ ያበላው ድምፁ ነው። የእንግሊዛዊው ተዋናይ የሎረንስ ኦሊቪዬ ፊልም «ሃምሌት» ስፔን ውስጥ ሲታይ የኦሊቪዬን ንግግር በስፔንኛ የተናገረው እሱ ነበር። በ1953ቱ ፊልም «ቢየንቬኒዶ ሚስተር ማርሻል» ደግሞ ታሪኩን ከዳር እስከ ዳር ይተርካል፤ ፊቱ ግን አይታይም።

ጥያቄ፦ ወንድሜ፣ አሜሪካኖቹ የቀጠሩት በስህተት ነው የሚባለው እውነት ነው?

እውነት ነው። ዳይሬክተሩ ዊልያም ፍሪድኪን ራሱ ደጋግሞ አውርቶታል። ለ«ፍሬንች ኮኔክሽን» ፊልሙ የፈለገው በአንድ የስፔናዊው ዳይሬክተር የሉዊስ ቡኙዌል ፊልም ያየውን ተዋናይ ፍራንሲስኮ ራባልን ነበር፤ ስሙ ግን ጠፋበት። ሊቀበል አውሮፕላን ማረፊያ ሲሄድ የጠበቀው ሌላ ሰው ሆነ፦ ሹል ጢም ያለው ጨዋ ሽማግሌ። ራባልን እናምጣ ቢባል ለካ እንግሊዝኛ አይችልም። ሬይ በዚያው ቀረ።

እኔ ስህተቱን እመርቀዋለሁ። የምድር ባቡሩን ትዕይንት አስታውሱ። ፖሊስ ሆኖ የሚጫወተው ጂን ሃክማን ይከታተለዋል፤ ሬይ ይገባል፣ ይወጣል፣ እንደገና ይገባል። በመጨረሻ በሩ ሊዘጋ ሲል በጃንጥላው አግዶ ይሳፈርና፣ ባቡሩ ሲንቀሳቀስ በመስኮት እጁን እያወዛወዘ ይሰናበተዋል። ቃል አይወጣውም።

ጥያቄ፦ ከቡኙዌል ጋር ስንት ፊልም ሠራ?

አራት፤ በ1961፣ በ1970፣ በ1972 እና በ1977። በመጨረሻው ፊልም ከሬይ አፍ የምትሰሙት ፈረንሳይኛ የፈረንሳዊው ተዋናይ የሚሼል ፒኮሊ ድምፅ ነው። ለሌሎች ድምፁን ሲያውስ የኖረ ሰው በስተርጅና ተበዳሪ ሆነ! በዚያው ዓመት ግን በዳይሬክተር ካርሎስ ሳውራ ፊልም የካን ፊልም ፌስቲቫል ምርጥ ተዋናይ ተብሏል።

ጥያቄ፦ የስመ ጥሩውን የስፔን ልብ ወለድ ጀግና ዶን ኪኾቴን ተጫውቷል?

በ1990ዎቹ መጀመሪያ በቀረበ የቴሌቪዥን ድራማ፣ አዎን። በ1947ቱ ፊልም ግን የተጫወተው ዶን ኪኾቴን ድል የሚነሳውን ሳንሶን ካራስኮን ነበር።

ጥያቄ፦ አንድ ብቻ ልይ ብል?

በ1970 ከቡኙዌል ጋር የሠራውን «ትሪስታና»ን። ዕድሜውን ሙሉ ቄስ ሲያንጓጥጥ የኖረ ኩሩ ሰው ሆኖ ይጫወታል። ወደ መጨረሻው ውጭ በረዶ ሲጥል፣ እሱ ከቀሳውስት ጋር ትኩስ ቸኮላታ ፉት ይላል።