የጌም ጥያቄና መልስ፦ ማሽኑ የእርስዎ ነው፤ አካውንቱስ የማን ነው?

በዚህ ዙር የመረጥናቸው ጥያቄዎች በሙሉ ከስቶር፣ ማለትም ከሶኒ የኢንተርኔት መደብር፣ በቀጥታ ስለሚገዙ የፕሌይስቴሽን (በአጭሩ ፒኤስ፣ የሶኒ የጌም ማሽን) ጌሞች ናቸው። ከአገር ቤትም ከውጭም የመጡ ናቸው፤ ብዙዎቹ ግን አንድ ቦታ ይገናኛሉ። ከስቶር የተገዛ ጌም የሚመዘገበው በማሽኑ ላይ ሳይሆን በገዛው አካውንት ላይ ነው። ይህ ሳይታወቅ ብዙ ገንዘብ ይባክናል።

ጥያቄ፦ ዱባይ የምትሠራ እህቴ ፒኤስ 5 ላከችልኝ። አካውንት ልከፍት ስል ከአገሮቹ ዝርዝር ውስጥ ኢትዮጵያን አጣኋት። የቱን ልምረጥ? በምንስ ልክፈል? (አዲስ አበባ፣ አያት)

መልስ፦ ደግመው አይፈልጉ፤ ኢትዮጵያ ዝርዝሩ ውስጥ የለችም። የሶኒ ስቶር በተወሰኑ አገሮች ብቻ ነው የሚሠራው። ከአፍሪካ ደቡብ አፍሪካ አለች፤ ወደኛ ቀረብ ካሉት ደግሞ የተባበሩት ዓረብ ኤምሬቶች፣ ሳዑዲ ዓረቢያ፣ ኳታር፣ ኩዌትና እስራኤል ይገኙበታል። የሶኒ ውል ተጠቃሚው የሚኖርበትን አገር እንዲያስመዘግብ ይጠይቃል። ስለዚህ ኢትዮጵያ ተቀምጦ የሌላ አገር አካውንት የሚከፍት ሰው ውሉ እንደማይደግፈው አውቆ መግባት አለበት። አካውንቱ ላይ ችግር ቢመጣ የሚከራከርበት ነገር አይኖረውም።

ይህን አውቀው ከከፈቱ ግን አገሩን የሚመርጡት ጊፍት ካርድ (ቀድሞ የተከፈለበት የስቶር ካርድ) ሊገዛልዎ የሚችለው ዘመድ ያለበትን አይተው ነው። ኦንላይን አይዲውንም ኢሜይሉንም በኋላ መቀየር ይቻላል፤ አገሩን ግን አይቻልም። ጊፍት ካርድም የሚሠራው በዚያው አገር አካውንት ላይ ብቻ ነው። የአሜሪካ ካርድ በኤምሬቶች አካውንት አይገባም፤ የኤምሬቶቹም በአሜሪካው እንደዚያው። የእርስዎ እህት ዱባይ ስለሆነች የኤምሬቶቹ ይሻልዎታል። «የአሜሪካ ስቶር ርካሽ ነው» ሲባል ሰምተው አሜሪካን ከመረጡ በኋላ ካርድ የሚልክ ሰው ያጡ ብዙዎች ናቸው።

ካርዱ ራሱ መምጣት የለበትም። የሚያስፈልገው በላዩ ያለው 12 ፊደልና ቁጥር ብቻ ነው። እህትዎ ፎቶ አንስታ ትላክልዎ፤ በስልክ ሲነበብ ፊደል ይሳሳታል። ስቶር ገብተው «ሪዲም ኮድ» የሚለው ላይ ሲያስገቡት ገንዘቡ ዋሌትዎ (የአካውንትዎ የገንዘብ ቋት) ውስጥ ይገባል።

አሜሪካ ካለ ዘመድ ካርድ የምትቀበሉ አንድ ነገር ልብ በሉ። እዚያ ስቶር ላይ የሚታየው ዋጋ በብዙ ስቴቶች ታክስን አይጨምርም። 69.99 ዶላር የተጻፈበት ጌም፣ ታክሱ 8 በመቶ ቢሆን፣ ሲከፈል 75.59 ይሆናል። 70 ዶላር ይዘው ሄደው በ5 ዶላር ከ59 ሳንቲም የሚቀሩት በዚህ ነው።

ጥያቄ፦ 20 ጌም የተጫነበት ያገለገለ ፒኤስ 4 ገዛሁ። ሁለት ወር በደንብ ሠራ። አሁን ጌሞቹ ሁሉ ላይ የቁልፍ ምልክት መጣ፤ አይከፈቱም። ማሽኑ ተበላሽቶ ነው? (ሐዋሳ)

መልስ፦ ማሽኑ ደህና ነው። የገዙት ማሽኑን ነው እንጂ ጌሞቹን አይደለም። ጌሞቹ የሻጩ አካውንት ናቸው። አንድ አካውንት አንድ ፒኤስ 4ን «ፕራይመሪ» ብሎ ሲመዘግብ፣ በዚያ ማሽን ላይ የሚከፈት ማንኛውም ዩዘር የአካውንቱን ጌሞች ያለ ኢንተርኔት ጭምር መጫወት ይችላል። ሁለት ወር የሠራልዎት በዚህ ምክንያት ነው። ሻጩ ሌላ ማሽን ገዝቶ እሱን ፕራይመሪ ሲያደርግ ወይም ከድረ ገጹ ሁሉንም ማሽኖች ሲሰርዝ (ይህን በ6 ወር አንድ ጊዜ ማድረግ ይቻላል) የእርስዎ ማሽን ፈቃዱን ያጣል። የቁልፉ ምልክት ትርጉም ይህ ነው።

«ሪስቶር ላይሰንስ (ፈቃድ መመለስ) አድርግ» የሚሉዎት ሰዎች ይኖራሉ። ይህ ዘዴ በሴቲንግስ፣ አካውንት ማኔጅመንት ውስጥ ይገኛል፤ የሚረዳው ግን በራስዎ አካውንት የተገዛ ጌም በስህተት ሲቆለፍ ነው። የሰው ጌም አይመልስም።

አካውንቱን ከነፓስወርዱ የሚሸጡም አሉ፤ ይህ ደግሞ የባሰ ነው። መጀመሪያ የተመዘገበበትን ኢሜይልና የግዢ ታሪክ የሚያውቀው ሻጩ ስለሆነ፣ እርስዎ ፓስወርዱን ቢቀይሩም ሶኒን አነጋግሮ ሊያስመልሰው ይችላል። በዚያ አካውንት ላይ የእርስዎን ካርድ ከጫኑ ገንዘብዎም አብሮ ይሄዳል።

ወደፊት ያገለገለ ማሽን የሚገዛ ሰው የባዶ ማሽን ዋጋ ይክፈል፤ ለተጫነው ጌም ሳንቲም አይጨምር። ከመክፈሉ በፊት የስልኩን ኢንተርኔት ከፍቶ በራሱ አካውንት ማሽኑ ላይ ይግባ። ሶኒ ማሽኑን ከኔትወርኩ አግዶት ከሆነ መግባት እምቢ ይላል፤ እንዲህ ያለ ማሽን ከስቶር ምንም አያወርድም። ከገባለት የሻጩን ዩዘር አጥፍቶ የራሱን ፕራይመሪ ያድርግ።

ጥያቄ፦ ጌሙ 100 ጊጋ ባይት ነው፤ የቤታችን ዋይፋይ 10 ሜጋ። መብራት ይሄዳል ይመጣል። ስንት ሰዓት ይፈጃል? ሲቋረጥስ ከመጀመሪያው ይጀምራል? (ባሕር ዳር)

መልስ፦ 10 ሜጋ የተባለው ሜጋ ቢት ነው፤ የጌሙ መጠን ደግሞ በባይት ነው የተነገረው። አንድ ባይት 8 ቢት ነው። ስለዚህ 100 ጊጋ ባይት 800,000 ሜጋ ቢት ገደማ ነው፤ ለ10 ሲካፈል 80,000 ሰከንድ፣ ማለትም 22 ሰዓት ከሩብ አካባቢ። ይህ መስመሩ ሙሉ ፍጥነቱን ሳያጓድል ከሰጠና ሌላ ሰው ካልተጠቀመበት ነው። በተግባር ሁለት ሌሊት ያስቡ።

ቢቋረጥ ከመጀመሪያው አይጀምርም፤ ካቆመበት ይቀጥላል። አደጋው ያለው ማውረዱ ላይ ሳይሆን ማሽኑ በድንገት መጥፋቱ ላይ ነው። ፒኤስ 5 ሬስት ሞድ (የማሽኑ እንቅልፍ) ላይ ሆኖ እንዲያወርድ ሴቲንግስ፣ ሲስተም፣ ፓወር ሴቪንግ፣ ከዚያም «ፊቸርስ አቬይላብል ኢን ሬስት ሞድ» ውስጥ ገብተው «ስቴይ ኮኔክትድ ቱ ዘ ኢንተርኔት» የሚለውን ያብሩ። ሆኖም ሬስት ሞድ ማለት ጠፍቷል ማለት አይደለም። በዚያ መሐል መብራት ሲሄድ ገመዱን ከግድግዳ እንደመንቀል ነው። መብራት ብዙ በማይሄድበት ሰዓት ያውርዱ፤ ከተቻለም ማሽኑንና ራውተሩን በዩፒኤስ (መብራት ሲሄድ ለጊዜው ኃይል በሚሰጥ ባትሪ) ያያይዙ።

በድንገት ከጠፋ በኋላ ማሽኑ ከዘገየ ወይም ጌሞች ከዝርዝሩ ከጠፉ ሴፍ ሞድ (ለጥገና የሚከፈተውን የማሽኑን ምርጫ ዝርዝር) ይሞክሩ። ማሽኑን ሙሉ በሙሉ ያጥፉት፤ የማብሪያውን ቁልፍ ሁለተኛው ድምፅ እስኪሰማ 7 ሰከንድ ያህል ተጭነው ይያዙ፤ ጆይስቲኩን በዩኤስቢ ገመድ ያያይዙ። 5ኛው ምርጫ ዳታቤዙን (የማሽኑን የፋይሎች መዝገብ) እንደገና ይሠራል፤ ጌምም ሴቭም (የደረሱበት የተቀመጠበት ፋይል) አያጠፋም። ከሱ በታች ያሉትን ግን አይንኩ፤ 6ኛው እና 7ኛው ሁሉንም ያጠፋሉ።

ከሁሉ የሚሻለው መንገድ ግን ሌላ ነው፤ በተለይ ፒኤስ 4 ላላቸው። ከ250 ጊጋ ባይት እስከ 8 ቴራ ባይት የሆነ የዩኤስቢ 3.0 ሃርድ ዲስክ ያዘጋጁ። ፈጣን ኢንተርኔት ያለው ጓደኛ ቤት ይሂዱ፤ የሱ ፒኤስ 4 ላይ በራስዎ አካውንት ይግቡ፤ ሃርድ ዲስኩን የጌም ማስቀመጫ እንዲሆን ፎርማት አድርገው ጌሙን እዚያ ላይ ያውርዱ። ቤትዎ ወስደው ሲሰኩት ይከፈታል፤ ፈቃዱ በአካውንትዎ ነውና። ፎርማት ሲደረግ በላዩ ያለው ፊልምም ፎቶም እንደሚጠፋ አይርሱ። ጓደኛዎ ቤት ሳሉም ፕራይመሪውን አይንኩ፤ ከመሄድዎ በፊትም አካውንትዎን ከማሽኑ ላይ ያንሱ።

በፒኤስ 5 ላይ የፒኤስ 5 ጌም በውጭ ሃርድ ዲስክ ይቀመጣል እንጂ ከዚያ ላይ አይጫወቱትም፤ መጀመሪያ ወደ ውስጥ መመለስ አለበት። የፒኤስ 4 ጌም ግን ከሃርድ ዲስኩ ላይ ይሠራል።

ጥያቄ፦ ፒኤስ 4 ላይ 1 ጊጋ ባይት አፕዴት ሊወርድ ሲል «ቦታ የለም» ይለኛል። 30 ጊጋ ባይት ባዶ አለኝ! (ጅማ)

መልስ፦ ፒኤስ 4 አፕዴቱን በጌሙ ላይ ዝም ብሎ አይለጥፍም። የጌሙን ሙሉ ቅጂ ይሠራል፤ ከአፕዴቱ ጋር ያዋህዳል፤ ከዚያ አሮጌውን ያጠፋል። 50 ጊጋ ባይት ለሆነ ጌም በግምት ያንኑ ያህል ባዶ ቦታ ይፈልጋል። የማይጫወቱትን አንድ ትልቅ ጌም ያጥፉ። ሴቩ ለብቻው የተቀመጠ ስለሆነ ጌሙ ሲጠፋ አብሮ አይጠፋም።

ጥያቄ፦ የጌም ቤት አለኝ። የእግር ኳሱን ጌም አንድ ጊዜ ገዝቼ በሦስት ፒኤስ 4 ላይ ማጫወት እችላለሁ? (መቀሌ)

መልስ፦ በሦስት አይቻልም። ፕራይመሪ በሆነው ማሽን ላይ ማንም ይጫወታል። በሁለተኛው ላይ የሚከፈተው የገዛው አካውንት ራሱ ከገባና ኢንተርኔት ካለ ብቻ ነው፤ መስመሩ ሲቋረጥ ይቆለፋል። ለሦስተኛው የሚተርፍ ፈቃድ የለም። ሳንነግርዎ የማናልፈው ነገር አለ፦ የስቶሩ ውል ጌሙን የሚሸጠው ለግል መጠቀሚያ እንጂ ለንግድ አይደለም። ሥራዎን በአንድ አካውንት ላይ ካቆሙ፣ አካውንቱ የታገደ ቀን ቤቱ በሙሉ ይቆማል።

ጥያቄ፦ የጌሙን ሲዲ ዱባይ ገዛሁ፤ አካውንቴ የአሜሪካ ነው። ሲዲው ይሠራል፤ ተጨማሪ ክፍሉን ከስቶር ገዝቼ ግን አልታይ አለኝ። (ሪያድ)

መልስ፦ የፒኤስ 4 እና የፒኤስ 5 ሲዲ በየትኛውም አገር ማሽን ይሠራል። ተጨማሪ ክፍል ግን ከሲዲው ክልል ጋር መመሳሰል አለበት፤ የአሜሪካው ስቶር የሸጠልዎት ለአሜሪካው ቅጂ ነው። በሲዲው ሽፋን ጠርዝ ላይ በፒኤስ 4 ሲዩኤስኤ፣ በፒኤስ 5 ፒፒኤስኤ ብሎ የሚጀምር ቁጥር አለ፤ የሁለቱ ክልሎች ቅጂዎች ብዙ ጊዜ የተለያየ ቁጥር አላቸው። መፍትሔው በዚያው ማሽን ላይ የኤምሬቶች አካውንት መክፈትና ክፍሉን በሱ መግዛት ነው። ማሽኑ ለዚያ አካውንት ከተመዘገበ በዋናው አካውንትዎ እየተጫወቱም ይሠራል።

ጥያቄ፦ ጎንደር ላለው የእህቴ ልጅ ፒኤስ 5 ልልክለት ነው። ዲጂታል ኤዲሽኑ (ሲዲ ማስገቢያ የሌለው) ረከስ ይላል። ልግዛው? (ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ)

መልስ፦ አይግዙት፤ ሲዲ ማስገቢያ ያለውን ይላኩለት። በዲጂታሉ ልጁ ለሚጫወተው ጌም ሁሉ ከእርስዎ ካርድ ይጠብቃል፤ እያንዳንዱንም በደካማ መስመር ያወርዳል። ሲዲ ያለው ግን ከጓደኛ ይዋሳል፣ ያገለገለ ይገዛል፣ ጨርሶ ይሸጣል። ዲጂታል ጌም ተመልሶ አይሸጥም። በ2023 መጨረሻ በወጣው አነስ ያለ ሞዴል ላይ ማስገቢያውን በኋላ ገዝቶ መግጠም ይቻላል፤ ነገር ግን መጀመሪያ ሲገጠም ማሽኑ ኢንተርኔት ላይ ገብቶ ማስመዝገብ ይጠበቅበታል። ፒኤስ 5 ፕሮም ከነስሙ ትልቅ ይሁን እንጂ ያለ ማስገቢያ ነው የሚመጣው።

አካውንቱን በእርስዎ ኢሜይል አይክፈቱለት። ልጁ ነገ አድጎ የራሱ ሲያደርገው ግዢው ሁሉ አብሮት ይሄድ ዘንድ በሱ ወይም በእናቱ ኢሜይል ይሁን። ባለሁለት ደረጃ ማረጋገጫውንም (ከፓስወርዱ ሌላ ኮድ የሚጠይቀውን) በስልክ መልእክት ሳይሆን ኮዱን ስልኩ ላይ በሚያወጣ ኦተንቲኬተር መተግበሪያ ያድርጉት፤ ሲም ሲቀየር መልእክቱ አይደርስም። የመጠባበቂያ ኮዶቹን ወረቀት ላይ ጽፈው እናቱ ታስቀምጥ።

ጥያቄ፦ በስህተት የማልፈልገውን ጌም ገዛሁ። ገንዘቤ ይመለሳል? (ቴል አቪቭ)

መልስ፦ ከገዙ 14 ቀን ካልሞላና ማውረድ ካልጀመሩ ይመለሳል። ችግሩ ማሽኑ በራሱ ማውረድ መጀመሩ ነው፤ አንዴ ከጀመረ፣ ጌሙ ራሱ ብልሽት ከሌለበት በቀር፣ መብቱ ይቀራል። አሁኑኑ ማሽኑ ላይ ማውረዱ አለመጀመሩን ይዩ፤ ከዚያ ለስቶሩ ያመልክቱ።

ጥያቄ፦ የእግር ኳሱን ጌም ፊፋ 23ን ከስቶር ገዝቼ ነበር። አሁን ስፈልገው ስቶሩ ላይ የለም። ከማሽኔ ባጠፋው ጠፍቶ ይቀራል? (ድሬዳዋ)

መልስ፦ አይቀርም። የፊፋ ተተኪ የሆነው ኢኤ ስፖርትስ ኤፍሲ 24 በ2023 መስከረም ሊወጣ ሲል አምራቹ የፊፋን ስም የያዙትን የቀድሞ ጌሞች ከስቶር አነሳቸው። ከሽያጭ ተነሱ እንጂ ከገዛ ሰው አልተነጠቁም። በገዙበት አካውንት ገብተው «ጌም ላይብረሪ» ውስጥ የገዟቸው ዝርዝር ላይ ይፈልጉት፤ ማውረጃው እዚያ አለ።

ይህ ግን ለዘለዓለም የተሰጠ ዋስትና አይደለም። ሌሎቹ የጌም ማሽን አምራቾች፣ ኔንቴንዶ የዊ ዩ እና የ3ዲኤስ ማሽኖቹን ስቶር መጋቢት 2023፣ ማይክሮሶፍት ደግሞ የኤክስቦክስ 360ን ሐምሌ 2024 ለግዢ ዘግተዋል። የካሊፎርኒያ ስቴትም ከ2025 መጀመሪያ ጀምሮ፣ ሻጮች ዲጂታል ዕቃ ሲሸጡ ገዢው የሚያገኘው ፈቃድ እንጂ ባለቤትነት አለመሆኑን በግልጽ እንዲነግሩ የሚያስገድድ ሕግ አውጥቷል። ፊፋ 23ን የሚወዱት ከሆነና ቦታ ካጠረዎት፣ አያጥፉት፤ ወደ ውጭ ሃርድ ዲስክ ያዛውሩት።