አስፈሪ ፊልም ሠርቶ መኖር ይቻላል ወይ ላልከው

«በትንሽ ብር አስፈሪ ፊልም ልጀምር ነው፤ ግን በዚህ ሙያ ዕድሜ ልክ እንጀራ ይበላል ወይ? የትኛውን ካሜራ ልግዛ?» ብለሃል። ወንድሜ፣ ይበላል። ሀብታም ላትሆን ትችላለህ እንጂ ይበላል። ካሜራውን ግን ለጊዜው ተወው፣ ተከራይ። እኔ አዲስ አበባ ውስጥ መጀመሪያ በድምፅ ባለሙያነት፣ በኋላ በፕሮዳክሽን ማናጀርነት ሠርቻለሁ። ካሜራ አንሶት ሙያውን የተወ ሰው አላየሁም። የሠሩት ፊልም የራሳቸው ስላልሆነ የተዉት ግን ብዙ ናቸው።

አሜሪካዊውን ዳይሬክተር ጆርጅ ሮሜሮን እይ። ፒትስበርግ ውስጥ ከጓደኞቹ ጋር ማስታወቂያ እየሠራ የሚተዳደር ሰው ነበር። ፊልም እንሥራ አሉና አሥር ሆነው እንደ እቁብ ስድስት ስድስት መቶ ዶላር አዋጡ። በዚያች 6,000 ዶላር ጀምረው፣ ሌላውን እየለቃቀሙ፣ «ናይት ኦፍ ዘ ሊቪንግ ዴድ»ን በ114,000 ዶላር ገደማ ጨረሱት። የቀረጹበት ቤት ሊፈርስ ቀን የሚጠብቅ የገበሬ ቤት ነው። ፕሮዲዩሰሮቹ ራሳቸው ይተውናሉ። ደሙ የቸኮሌት ሽሮፕ ነው፤ ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ስለሆነ ማን ያውቃል!

እ.ኤ.አ. በ1968 ወጣና ሚሊዮኖች አስገባ። ለሠሪዎቹ የደረሳቸው ግን ከዚያ ጋር የሚመጣጠን አልነበረም። የመብት ማሳወቂያው፣ ማለትም ፊልሙ የእነሱ መሆኑን የምትገልጸው አጭር ጽሑፍ፣ የተጻፈችው ከቀድሞው ርዕስ ጋር ነበር። አከፋፋዩ ርዕሱን ሲቀይር ጽሑፏም አብራ ወጣች። በጊዜው የአሜሪካ ሕግ ደግሞ ያቺ ጽሑፍ ከሌለች መብት የለም። ፊልሙ የማንም ሆነ፤ ያሻው ሁሉ እያባዛ ቸበቸበው።

ሮሜሮ ግን አልተወም። ቀጥሎ የሠራቸው ገበያ አልቀናቸውም። በ1978 «ዶውን ኦፍ ዘ ዴድ»ን ሞንሮቪል በሚባል የገበያ ማዕከል ውስጥ ሠራ። ሱቆቹ ሲዘጉ ማታ ይገባሉ፣ ጠዋት ሳይከፈቱ ይወጣሉ። ጣሊያናዊው ዳይሬክተር ዳሪዮ አርጀንቶ ገንዘብ በማምጣት አገዘው፤ በለውጡ እንግሊዝኛ በማይነገርባቸው አገሮች ያለውን መብት ወሰደ። እኔ የምወደው ይህንን ነው። መብቱን ቆርሶ ሰጠ እንጂ ሙሉውን አላስረከበም።

እኛ አገር በአዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት መብትህ ሥራውን ስትፈጥር ይጀምራል፤ ምልክት ስለረሳህ አታጣውም። የኛ ጣጣ በገዛ ፊርማችን መስጠታችን ነው። የሠራሁበት አንድ ፊልም ከሲኒማ ቤት እንደወረደ የዩቲዩብ ገዢ መጣለት። ውሉ ሁለት ገጽ ነበር። ሁለተኛው ገጽ ላይ፣ ከፊርማው ቦታ ከፍ ብሎ፣ «አሁን ባለም ሆነ ወደፊት በሚፈጠር ማንኛውም መንገድ፣ ያለ ጊዜ ገደብ» ይላል። ዳይሬክተሩ የመብራት ኪራይ ዕዳ አፍጥጦበት ነበር፣ ፈረመ። ዛሬ ቻናሉ ፊልሙን እየቆራረጠ ይለቀዋል፤ እሱ አስተያየቶቹን ያነባል።

ስለዚህ ውል ሲመጣ የሚያበቃበትን ዓመት አስገባበት። ዩቲዩቡን፣ ቴሌቪዥኑን፣ ዲሲ አዳራሽ ተከራይቶ የሚያሳየውን ሰው ለየብቻ ተዋዋል። ከተዋናዮቹና ከደራሲው ጋርም ከቀረጻ በፊት ተፈራረም፤ ፊልሙ ከታወቀ በኋላ ሁሉም ባለድርሻ ነው። ዋናውን ቅጂ ሁለት ቦታ አስቀምጥ። የኡጋንዳው ዳይሬክተር ኢሳክ ናብዋና «ሁ ኪልድ ካፕቴን አሌክስ?» የተባለ ፊልሙ በዓለም ሲታወቅለት፣ የቀረው ቅጂ ቀልደኛ ተራኪ በላዩ ላይ የሚያወራበት ብቻ ነበር።

ድምፅ ላይ አትሰስት፣ በተለይ አስፈሪ ከሆነ። በክረምት ቆርቆሮ ቤት ውስጥ እንዳትቀርጽ፤ ዝናቡ ሲመጣ ሁሉም ሰው ተቀምጦ ሻይ ይጠጣል፣ የቀን ክፍያው ግን አይቆምም።

ስክሪፕትህ አንድ ቤት ውስጥ የሚያልቅ ከሆነ በውስጥ መስመር ላክልኝ፣ አየዋለሁ። ውል ከቀረበልህ ግን መጀመሪያ ውሉን ላክ።