ምት፣ ስልተ ምት፣ ምጣኔ፦ የቱን መቼ እንበል?

ጥያቄ፦ ሙዚቃ አስተምራለሁ። ስለ ልዩ ልዩ ሕዝቦች ሙዚቃ ስናወራ «የህንድ ምት»፣ «የቡልጋሪያ ምት» እያልኩ ነው የማስረዳው። አንድ ባልደረባዬ ግን «ሪትም ማለት ምት አይደለም፣ ስልተ ምት ነው» ይለኛል። ሚተር ለሚባለው፣ ለሙዚቃው የቆጠራ ልክስ አማርኛ አለን? ቅኝት የሚሉም ሰምቻለሁ። በዚያው 6/8ን እንዴት እንደማነበው ቢነግሩኝ።

መልስ፦ ባልደረባዎ እውነታቸውን ነው። ለምን እንደሆነ ግን ማየት ይገባል።

መጀመሪያ ቅኝትን እናውጣው። ቅኝት የድምፅ ከፍታና ዝቅታ ጉዳይ ነው። ክራሩ በትዝታ፣ በባቲ፣ በአምባሰል ወይም በአንቺሆዬ ይቃኛል። ከበሮው ዝም ቢል እንኳ ቅኝቱ አለ። ስለዚህ ለሚተር አይሆንም።

ወደ ምት እንምጣ። «መታ» ካለው የወጣ ነው፤ አንዴ ሲመታ የሚሰማው ነገር። የልብ ምት እንላለን፣ የከበሮ ምት እንላለን፣ ኳስ ሜዳ ላይም ቅጣት ምት አለ። ችግሩ በንግግራችን ብዙ ሥራ ደራርበንበታል። «ምቱ ፈጠነ» ስንል ስለ ፍጥነት ነው። «ምቱ ደስ ሲል!» ስንል ስለ ምቶቹ አደራደር ነው። «ምቱን ሳተ» ስንል ደግሞ ቆጠራው ጠፋበት ማለታችን ነው። ወጣቶቹ በዚህ ላይ «ቢት» የሚል ጨምረዋል፤ «ቢቱን ማን ሠራው?» ሲሉ ዘፋኙ የሚዘፍንበትን ሙዚቃ በሙሉ ነው። በጨዋታ መሃል ይሄ ማንንም አያደናግርም። ክፍል ውስጥ ግን ያደናግራል።

እስቲ በእጃችን እንሞክረው። በጋናና በቶጎ የሚኖሩት ኤዌዎች ጋንኮጉዊ የሚባል ድርብ የብረት ደወል አላቸው። ከበሮዎቹ ሁሉ ጆሯቸውን የሚጥሉት እሱ ላይ ነው። በጣም ከታወቁት የመምቻ መንገዶቹ አንዱ እንዲህ ነው። ከ1 እስከ 12 እኩል እኩል ይቁጠሩ። በ1፣ በ3፣ በ5፣ በ6፣ በ8፣ በ10 እና በ12 ላይ ጠረጴዛውን መታ ያድርጉ። ሳያቋርጡ ወደ 1 ይመለሱ። እጅዎ ሲለምደው፣ በ1፣ በ4፣ በ7 እና በ10 ላይ እግርዎን ይርገጡ። የሚያምረው እዚህ ላይ ነው። እጅና እግር የሚገናኙት በ1 እና በ10 ብቻ ነው፤ በቀረው ይተላለፋሉ።

አሁን «ይህ ሙዚቃ ስንት ምት አለው?» ብዬ ብጠይቅዎትስ? 12 ቢሉ የቆጠሩትን ነው። 7 ቢሉ የመቱትን ነው። 4 ቢሉ የረገጡትን ነው። ሦስቱም መልስ ልክ ነው። ልክ ያልሆነው ጥያቄዬ ነው፤ «ምት» የሚለው ቃል የትኛውን እንደሚጠይቅ አያሳውቅም።

ስለዚህ እንዲህ ብንከፍለው እላለሁ። ጠረጴዛው ላይ ያረፈችው እያንዳንዷ ምት «ምት» ትባል። ሰባቱ ምቶች እየተራራቁና እየተቀራረቡ የሠሩት መልክ «ስልተ ምት» ይባል። 12ቱ ቆጠራ በአራት ተከፍሎ ሳይዛነፍ የሚዞርበት ልክ ደግሞ «ምጣኔ» ይባል። ሪትም ስልተ ምት፣ ሚተር ምጣኔ ማለት ነው። ሚተር በግሪክኛ መለኪያ ነው፤ ጨርቅ የምንለካበት ሜትርም ከዚያው የመጣ ነው። «መጠነ» ካለው የወጣው ምጣኔ በትክክል ይገጥመዋል።

«ምጣኔ ለምን አስፈለገ? ስልተ ምት አይበቃም?» የሚል ይኖራል። አይበቃም። ለዚህ ጥሩው ምስክር የሰሜን ህንድ ሙዚቃ ነው። እዚያ ምጣኔው ታላ ይባላል። ከታላዎቹ ሁሉ የታወቀው ቲንታል 16 ቆጠራ አለው፤ አራት አራት እየሆነ ይከፈላል። አድማጩ ሳይቀር በእጁ ይከተለዋል። በ1፣ በ5 እና በ13 ላይ ያጨበጭባል። በ9 ላይ ግን አያጨበጭብም፤ መዳፉን ወደ ላይ ገልብጦ ያወዛውዛል። ያ ቦታ ካሊ ይባላል፣ ባዶ ማለት ነው። ጭብጨባ የለም፣ ቦታው ግን በሚገባ ተቆጥሯል። «ምት» ብቻ እያሉ ይህን ባዶ ቦታ እንዴት ያስረዱታል? ምጣኔ ካሉ ግን ነገሩ ግልጽ ነው፤ ባዶውም የተመጠነ ነው።

የቡልጋሪያውን አጠር አድርጌ ልለፈው። ራቸኒትሳ የሚባለው ጭፈራ በ7 ይቆጠራል፤ 2፣ 2፣ 3 እየሆነ። የሃንጋሪው የሙዚቃ ደራሲ ቤላ ባርቶክ እ.ኤ.አ. በ1938 «የቡልጋሪያ ሪትም» ስለሚባለው ነገር ጽፎበታል። አጥኚዎች ለዚህ ዓይነቱ አቆጣጠር «አክሳክ» የሚል የቱርክኛ ቃል ይጠቀማሉ፣ የሚያነክስ እንደማለት ነው። እኔ «አንካሳ ምት» ተብሎ እንዲተረጎም አልፈልግም። ጨፋሪዎቹ አያነክሱም፤ ሁለት አጭርና አንድ ረጅም እርምጃ ነው የሚረግጡት። «እኩል ያልሆነ ምጣኔ» ይበሉት።

የራሳችን ቅርስስ ምን ይላል? በግጥም ውስጥ ምጣኔው የሚታወቀው በቀለም ቆጠራ ነው፤ ቀለም ማለት በአንድ ጊዜ የሚባል የቃል ቁራጭ ነው። ይህን መስመር ጮክ ብለው ይበሉት፦

ክረምቱ ሲወጣ፣ ሲገባ መስከረም።

ፊደሉን ቢቆጥሩ 15 ነው። ቀለሙን ቢቆጥሩ ግን 12 ነው፤ ክ-ረም-ቱ ሲ-ወ-ጣ፣ ሲ-ገ-ባ መስ-ከ-ረም። ስድስት በዚህ፣ ስድስት በዚያ፣ መሃል ላይ ትንሽ እረፍት። ይህ ልክ የወል ቤት ይባላል። አምስት አምስት ቢሆን ኖሮ ሰንጎ መገን በሆነ ነበር። እንግዲህ ይህንኑ መስመር አንዱ በማሲንቆ ለእስክስታ ይዘፍነዋል፣ ሌላው በቀረርቶ ያለ ከበሮ እያስረዘመ ይለቀዋል። ስልተ ምቱ ፈጽሞ ሌላ ነው። የቀለሙ ምጣኔ ግን ስድስትና ስድስት እንደሆነ አለ። ሁለቱን በአንድ ቃል ከጠራን ይህን ልዩነት የምንናገርበት አፍ አይኖረንም።

የቤተ ክርስቲያን ሊቃውንት ደግሞ በዚህ ጉዳይ ብዙ ቀድመውናል። ያው ዜማ በቁም ሲባል ከበሮም ጸናጽልም የለም፣ ድምፅ ብቻ ነው። በዝማሜ መቋሚያው ከዜማው ጋር ይሄዳል። በመረግድ ከበሮና ጸናጽል ይገባሉ። በጽፋት ጭብጨባው ይመጣና ይፈጥናል። ቃሉ አልተለወጠም፤ አካሄዱ ግን በየደረጃው የራሱ ስም አለው። ስለ ስልተ ምት ለማስተማር የሚፈልግ የሙዚቃ መምህር አንድ በዓል ላይ ቆሞ ይህን ቅደም ተከተል ቢያዳምጥ ብዙ ያገኝበታል።

የቀረው 6/8 ነው። ሙዚቀኞች «ሲክስ ኤይት» ይላሉ፤ ችክችካ የሚባለውን የአገራችንን ስልተ ምት አብዛኛውን ጊዜ የሚጽፉት በሱ ነው። በአማርኛ «ስድስት ስምንተኛ» ሲባል እሰማለሁ፣ አልደግፈውም። ስድስት ስምንተኛ ክፍልፋይ ነው፤ ክፍልፋይ ከሆነ ደግሞ ከሦስት አራተኛ ጋር እኩል ነው። በሙዚቃ ግን 6/8 እና 3/4 እኩል አይደሉም። ሁለቱም ስድስት ትንንሽ ቆጠራ አላቸው፤ 6/8 ሦስት ሦስት እየሆነ ለሁለት ይከፈላል፣ 3/4 ሁለት ሁለት እየሆነ ለሦስት ይከፈላል። ስለዚህ «ስድስት በስምንት»፣ «ሦስት በአራት» ይበሉ። ክፍል ውስጥም ተማሪዎቹን ለሁለት ይክፈሏቸው። እርስዎ ከ1 እስከ 6 እየደጋገሙ ይቁጠሩ። ግማሾቹ በ1 እና በ4፣ ግማሾቹ በ1፣ በ3 እና በ5 ላይ ያጨብጭቡ። ከዚያ ቦታ ያለዋውጧቸው።