የድሮ ፊውዥን አልበም ለሳራውንድ ስታዘጋጁ

ውድ የድምፅ ሙያ ወጣቶች፣

የ1970ዎቹ የጃዝ ፊውዥን (ጃዝን ከሮክና ከፈንክ ጋር የቀላቀሉ) አልበሞች ሃምሳኛ ዓመታቸውን እየደፈኑ በሳራውንድ፣ ማለትም አድማጩን በሚከብቡ ስፒከሮች በሚሰማ ድምፅ፣ ዳግመኛ እየታተሙ ነው (ዘመኑን ሁሉ የምጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው)። ሶፍትዌሩ ረክሷል፤ ስድስትም ሆነ አሥራ ሁለት ስፒከር መደርደር እንደ ድሮው ብርቅ አይደለም። ስለዚህ እጃችሁ ቶሎ ወደ ፓኑ (ድምፁ ከየትኛው ስፒከር እንደሚመጣ ወደሚወስነው ማዞሪያ) ይሮጣል። እኔ የምለምናችሁ ረጋ እንድትሉ ነው። አንድም መሣሪያ ወደ ኋላ ስፒከር ከመላካችሁ በፊት የድሮውን የስቲሪዮ ሚክስ ከማልቲትራኩ (መሣሪያዎቹ በየትራኩ ተለይተው ከተቀዱበት ቴፕ) መልሳችሁ ሥሩት፤ ከዋናው ጋር እያፈራረቃችሁ ስትሰሙ የትኛው የትኛው እንደሆነ እስኪምታታባችሁ ድረስ።

ምክንያቱን በ«ቢችስ ብሩ» ላሳያችሁ። የጃዝ ትራምፔት ተጫዋቹ ማይልስ ዴቪስ ይህን አልበም በኦገስት 1969 ኒውዮርክ በሚገኘው ኮሎምቢያ ስቱዲዮ ቢ በ8 ትራክ ቴፕ ቀዳው። አድማጭ የሚያውቀው አልበም ግን እዚያ ቴፕ ላይ የለም። ፕሮዲውሰሩ ቲዮ ማሴሮ በምላጭ እየቆረጠ፣ አንዱን ሐረግ እየደጋገመ፣ «ፋራኦስ ዳንስ»ን ከቁርጥራጭ ቀጣጥሎ ነው ያቆመው። ትራምፔቱ ላይ የምንሰማው ኤኮ አብዛኛው ከቅጂ በኋላ የገባ ነው። የድምፅ መሐንዲሱ ማርክ ዋይልደር በ1998 ለወጣው የቅጂዎቹ ሙሉ ስብስብ ከ8 ትራኩ እንደ አዲስ ሚክስ ሲያደርግ፣ ያን ሁሉ ቁርጥ ተከትሎ መልሶ መቀጠል ግድ ሆኖበታል። ማልቲትራኩን ጭኖ በቀጥታ ወደ ሳራውንድ የሚሮጥ ሰው ሌላ ሙዚቃ ይዞ ይወጣል።

አሠራሩ እንዲህ ነው። የስቲሪዮ ማስተሩን በኮምፒውተሩ ላይ ከላይ አስቀምጡና እያንዳንዱን ቁርጥ በሰከንድና በሚሊሰከንድ ምልክት አድርጉበት። ቁርጡ በጆሮ የማይያዝ ሲሆን የሲምባል ጭራ ይጠቁማችኋል፤ ሲምባሉ ሳይረግብ ድንገት ከጠፋ ምላጭ አልፎበታል። ከዚያ ከማልቲትራኩ ተመጣጣኙን ክፍል እየፈለጋችሁ ከሥሩ አሰልፉ። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚሰናከለው በፍጥነት ነው። ሁለት የቴፕ ማሽኖች ፍጹም እኩል አይሮጡም። የ0.1 በመቶ ልዩነት በ20 ደቂቃ ሙዚቃ ላይ 1.2 ሰከንድ ያስቀድማል ወይም ያዘገያል። ሙዚቃውን በሶፍትዌር መለጠጥ የሲምባሉንና የከበሮውን ጫፍ ያደበዝዛል፤ ስለዚህ ክፍል በክፍል አሰልፉ፣ ካስፈለገም የመላውን ቅጂ ፍጥነት እንደ ማሽን አንድ ላይ ቀይሩ። የኤኮውን ርዝመት ከስቲሪዮው ለክታችሁ፣ የድግግሞሹንም ብዛት ቆጥራችሁ እንደገና ሥሩት። አሰልቺ ነው፤ ግን የሥራው ግማሽ እዚህ ያልቃል።

ወደ ኋላ ልመለስና ስለ ቴፑ ልናገር። ከ1970ዎቹ ጀምሮ የተሠሩ ብዙ ቴፖች፣ በተለይ አምፔክስ 406 እና 456፣ ብናኙን የሚይዘው ማጣበቂያ እርጥበት ስለሚስብ ይሟሽሻሉ። ቴፑ ሲሮጥ ይጮኻል፤ ሄዱ (ቴፑን የሚያነበው የማሽኑ ክፍል) ላይ ቡናማ ዝቃጭ ይተዋል። በዚህ ሁኔታ ማጫወታችሁን ብትቀጥሉ የሚራገፈው ራሱ ሙዚቃው ነው። መድኃኒቱ በ54 ዲግሪ ሴልሺየስ ገደማ ለ8 ሰዓትና ከዚያ በላይ ማሞቅ ነው፤ ባለ 2 ኢንቹ ከሩብ ኢንቹ የበለጠ ጊዜ ይፈልጋል። ሙቀቱን በትክክል የሚጠብቅ የላቦራቶሪ ማሞቂያ ተጠቀሙ። የወጥ ቤት የጋዝ ምድጃ ሙቀቱም ስለሚዋልል፣ ጋዙ ሲነድም እንፋሎት ስለሚያወጣ አይሆንም። ከማሞቃችሁ በፊት ግን ሪሉን ወደ ብርሃን አንሡና ከጎኑ ተመልከቱ። ብርሃን የሚያሳልፍ ከሆነ አሲቴት ስለሆነ ፈጽሞ አይሞቅም። የቆዩ መጋጠሚያዎች ሙጫቸው ስለሚደርቅ እየተላቀቁ ይመጣሉ፤ እያንዳንዱን ሳታጫውቱ በፊት በአዲስ ለውጡት።

ዲጂታል ስታደርጉ 24 ቢት፣ 96 ኪሎኸርዝ ይበቃል፤ 192 ካላችሁም አልከራከራችሁም። ከዚህ ይልቅ የሚያሳስበኝ አዚሙት (ሄዱ በቴፑ ላይ የሚቆምበት ዘንበል) ነው። በቴፑ መጀመሪያ የተቀዱ የመለኪያ ቃናዎች ካሉ የማጫወቻውን ሄድ በእነሱ አስተካክሉ። ሣጥኑ ላይ ዶልቢ ኤ (የቴፕ ሹሹታን የሚቀንስ ዘዴ) የሚል ካለ ዲኮደሩን በዶልቢው ቃና መጠን አስተካክሉ፤ መጠኑ ከተዛነፈ የላይኛው ድምፅ አንዴ ይደምቃል፣ አንዴ ይደበዝዛል። በኋላ በኢኩዌላይዘር አይመለስም።

በ1970ዎቹ ራሱ የተሠራ የኳድ (ለአራት ስፒከር የተዘጋጀ) ሚክስ ያላቸው አልበሞች አሉ። «ቢችስ ብሩ»ም ሆነ በ1973 የወጣው የፒያኖ ተጫዋቹ የሄርቢ ሃንኮክ «ሄድ ሃንተርስ» በኳድ ወጥተዋል። በዚያ ዘመን የሙዚቃ አሳታሚው ኮሎምቢያ በሸክላ ያወጣው በኤስኪው ዘዴ ነው፤ አራቱ ቻናሎች በሁለት ታጥፈው ይገባሉ፣ ተጨማሪ የሎጂክ ሰርኪዩት ከሌለ በፊትና በኋላ መካከል የሚቀረው መለያየት 3 ዲሲቤል ገደማ ብቻ ነው። ስለዚህ አራቱ ቻናሎች ተለያይተው ያሉበት ማስተር ቴፕ ከተገኘ ሸክላውን ለመፍታት አትድከሙ። ኳዱን ስታገኙም «ላሻሽለው» አትበሉ። እንዳለ አሳትሙት፣ አዲሱን ሚክስ ከጎኑ አስቀምጡ፣ የትኛው የማን እንደሆነም ከአልበሙ ጋር በሚወጣው ጽሑፍ ላይ በግልጽ ጻፉ። ኳድ የመሐል ስፒከርና የኤልኤፍኢ (ለዝቅተኛ ድምፅ ብቻ የተለየ) ቻናል የለውም፤ አምስት ነጥብ አንድ (5.1፣ አምስት ስፒከርና አንድ ኤልኤፍኢ) ለማስመሰል ብላችሁ ፈጥራችሁ አትጨምሩበት። አድማጩም ይወቀው፤ ኳድ የተሠራው ኋላ ስፒከሮቹ ከፊት መሐል ሲለካ በ135 ዲግሪ እንዲቆሙ ታስቦ ነው፣ የዛሬው 5.1 ደግሞ ከ100 እስከ 120 ያደርጋቸዋል።

አሁን ወደ ድርደራው። የ«ቢችስ ብሩ» ሽፋን ራሱ ካርታ ይሰጣችኋል፦ ጆ ዛዊኑል ግራ፣ ቺክ ኮሪያ ቀኝ፣ ላሪ ያንግ ባለበት መሐል፤ ከበሮው ላይ ሌኒ ዋይት ግራ፣ ጃክ ዲጆኔት ቀኝ። የሚያጓጓችሁ አንዱን ከበሮ ፊት፣ ሌላውን ኋላ ማስቀመጥ ነው። አታድርጉት። ሁሉም በአንድ ክፍል ስለተጫወቱ የአንዱ ድምፅ በሌላው ማይክ ውስጥ አለ፤ ፍሳሽ የምለው ይህን ነው። ድምፅ በአንድ ሚሊሰከንድ 34 ሴንቲሜትር ይጓዛል፤ ሁለት ሜትር ርቆ ከነበረ ማይክ የገባው ከበሮ 6 ሚሊሰከንድ ገደማ ዘግይቶ ከሌላ ማዕዘን ይመጣል። ውጤቱ የሳሳ የስኔር ከበሮና የት እንዳለ የማይታወቅ ሲምባል ነው። ስለዚህ አንድን መሣሪያ ስታንቀሳቅሱ ብቻውን አድርጋችሁ አትስሙት፤ ከእሱ ጋር የሚሄደውን ፍሳሽ ስሙ። እንደ እኔ ከበሮዎቹ ከፊት ይቆዩ፣ የትራምፔቱ ኤኮ ወደ ኋላ ይሂድ፤ የቤኒ ሞፒን ባስ ክላሪኔት ፍሳሹ ከፈቀደ ከኋላ ቢያጉረመርም ያምርበታል።

በጎን ማለትም በፊትና በኋላ ስፒከር መካከል ድምፅ ማቆም የሚመስለውን ያህል አይሠራም። ጆሯችን ከፊት ለፊት ግራና ቀኝን ጥሩ አድርጎ ይለያል፤ በጎን ግን ምስሉ ይዋልላል፣ አንገት ትንሽ ሲዞር ይዘላል። ሶሎ የሚጫወትን መሣሪያ እዚያ አታስቀምጡ።

«ሄድ ሃንተርስ» ሰፋ ያለ ነፃነት ይሰጣል። የ«ካሚሊየን»ን የቤዝ መስመር ሃንኮክ የተጫወተው በአርፕ ኦዲሲ ሲንተሳይዘር ነው፤ ሲንተሳይዘር በገመድ በቀጥታ ከገባ የክፍል ፍሳሽ አይኖረውም፣ የፈለጋችሁበት ይቆማል። ቢሆንም ከፊት አትንቀሉት፤ ከ15 ደቂቃ በላይ የሚሄደው ዜማ በአብዛኛው የቆመው በእሱ ላይ ነው። ሳራውንድ ዋጋውን የሚያወጣው «ዋተርሜለን ማን» መግቢያ ላይ ነው። የምት መሣሪያ ተጫዋቹ ቢል ሰመርስ የመካከለኛው አፍሪካን የፒግሚዎች ፉጨት ተከትሎ በቢራ ጠርሙስ እየነፋ የሚደራርበው ያ ድምፅ አድማጩን በአራቱም ማዕዘን ቢከበው ማን ይቃወማል? ባንዱ ሲገባ ግን ዋናው ድምፅ ወደ ፊት ይመለስ።

ስፒከሮቹን በፒንክ ኖይዝ (ለመለኪያ በሚያገለግል የሹሹታ ድምፅ) አንድ በአንድ አመጣጥኑ፤ በትንሽ ክፍል 79 ዲሲቤል ይበቃል። ቤዝን በኤልኤፍኢ ቻናል ብቻ አትላኩ፤ ወደ ስቲሪዮ ሲጠቀለል ያ ቻናል ብዙውን ጊዜ ይጣላል፣ ቤዙም አብሮ ይጠፋል። መሐሉና ኋላዎቹ በ3 ዲሲቤል ቀንሰው ወደ ግራና ቀኝ ሲገቡ ምን እንደሚመስል በየቀኑ ስሙ። ለዶልቢ አትሞስ (ከላይም ስፒከር ላለው የሳራውንድ ዘዴ) የምታስረክቡት ከሆነ የአማካይ ድምፁ ጣሪያ 18 ሎድነስ ዩኒት ከዜሮ በታች፣ ጫፉ ከ1 ዲሲቤል በታች ነው፤ ስለዚህ በሊሚተር (የድምፅን ጫፍ በሚገድብ መሣሪያ) መጨፍለቅ የሚያስገኘው ነገር የለም። በጆሮ ማዳመጫ የሚሰማው ሰው ይበዛልና ባይኖራሉንም (ሳራውንዱ ለጆሮ ማዳመጫ የሚለወጥበትን ቅርጽ) ፈትሹ።

ከእናንተ ብዙዎቹ የእኛን የኢትዮጵያን የ1960ዎቹና የ1970ዎቹ ቅጂዎች ለዚህ እንደምታስቡ እገምታለሁ። ሙዚቃው በሞኖ ወይም በሁለት ትራክ ብቻ ከቀረ፣ መሣሪያዎቹን በሰው ሠራሽ አስተውሎት ፈልቅቆ መበተን ሲምባሉን ውኃ ውስጥ የገባ ያስመስለዋል፤ ሳክስፎኑም የድምፃዊውን ትንፋሽ ይዞ ይወጣል። በ1972 ኒውዮርክ የወጣው «ሙላቱ ኦፍ ኢትዮጵያ» በ2017 ዳግም ሲታተም የስቲሪዮና የሞኖ ማስተሩ ጎን ለጎን፣ ከቀሩት ቅጂዎች ጋር ቀረበ፤ ያ መንገድ ይሻላል። የቤታችሁን ሪል ካገኛችሁ መጀመሪያ የትራኩን ስፋትና የቴፑን ፍጥነት ለዩ፤ በሚስማማው ሄድ ያለ ኢኩዌላይዘርና ያለ ድምፅ ማጥፊያ አንድ ጊዜ ጥሩ አድርጋችሁ ቅዱት፤ የሣጥኑን ጽሑፍ በሁለቱም በኩል ፎቶ አንሡና ከፋይሉ ጋር አስቀምጡ።